ኬንቱም፦ ሳንቲምን፣ ኩንታልንና ፐርሰንትን የወለደው የላቲን መቶ

ኪሳችሁ ውስጥ ያለው ሳንቲም፣ ወፍጮ ቤት የሚወርደው ኩንታል ጤፍ፣ ደረሰኝ ላይ የሚታየው 15 ፐርሰንት፣ ልብስ ሰፊው አንገቱ ላይ ያንጠለጠለው ሜትር ላይ የተሰመሩት ሴንቲሜትሮች፤ አራቱም የአንድ ቃል ልጆች ናቸው። ቃሉ የላቲን ነው። «ኬንቱም» ይባላል፤ መቶ ማለት ነው። ላቲን የጥንት ሮማውያን ቋንቋ ነበር፤ ዛሬ አፉን የሚፈታበት ሕፃን የለም፤ ቁጥሮቹ ግን ሥራ አልፈቱም።

ይሄ ለቋንቋ ወዳዶች ብቻ የሚጠቅም ወሬ አይምሰላችሁ። ከኬንቱም የወጡት ቃላት አንዳንዶቹ በመቶ አካፍል ይላሉ፣ አንዳንዶቹ በመቶ አባዛ ይላሉ፣ ሌሎቹ ደግሞ መቶ ያልሆነውን ነገር መቶ ብለው ይጠሩታል። ልዩነቱን ያልያዘ ሰው ብድር ሲወስድ፣ ቅናሽ ሲባል፣ ታክስ ሲሰላ ገንዘቡን ያጣል። ስለዚህ ከቃሉ እንጀምርና ወደ ገንዘቡ እንሄዳለን።

ሮማውያን ራሳቸው «ኬንቱም» እያሉ ነበር የሚያነቡት። ዘመን ሲያልፍ ድምፁ በየአገሩ ተለወጠ። ጣልያኖች «ቼንቶ» አሉት፣ ፈረንሳዮች «ሳን»፣ ስፔኖች «ሲየንቶ»። ወደ አማርኛ የገቡት ልጆቹም ድምፃቸው የተለያየው ለዚህ ነው። ሳንቲም በፈረንሳይኛ በኩል መጣ፣ ፐርሰንት በእንግሊዝኛ፣ ኩንታል ደግሞ፣ ዝቅ ብለን እንደምናየው፣ በዐረቦች በኩል ዞሮ። የኛው «መቶ» ከዚህ ቤተሰብ ጋር ዝምድና የለውም፤ የሱ ወንድሞች የግዕዙ ምእት፣ የዐረብኛው ሚአ እና የዕብራይስጡ ሜአ ናቸው። የኬንቱም ዘመዶች የግሪኩ «ሄካቶን»፣ የእንግሊዝኛው «ሀንድረድ» እና የሳንስክሪቱ «ሻታም» ናቸው። እንዲያውም የቋንቋ ሊቃውንት የዚህን ትልቅ ቤተሰብ ቋንቋዎች ለሁለት ሲከፍሉ መለያ ያደረጉት ይህንኑ ቃል ነው፤ መቶን በ«ከ» ድምፅ የጀመሩትን የኬንቱም ወገን፣ በ«ሰ» ወይም በ«ሸ» የጀመሩትን የሳተም ወገን ይሏቸዋል።

በሰዋስው በኩል ኬንቱም ቀላል ቃል ነው። በላቲን አንድ፣ ሁለትና ሦስት እንደሚከተላቸው ስም ይለዋወጣሉ፤ አንድና ሁለት እንዲያውም ለወንድና ለሴት የተለያየ መልክ አላቸው። ከአራት እስከ መቶ ያሉት በአብዛኛው ባሉበት ይቆማሉ። ሁለት መቶ ላይ ሲደረስ መለዋወጡ እንደገና ይጀምራል። ኬንቱም እንግዲህ በዚህ ተርታ ሳይለዋወጡ ከሚቆሙት የመጨረሻው ነው።

ከቃሉ ጎን ግን ሦስት ተቀጽላዎች አሉ፤ ያዙልኝ፣ በኋላ እንፈልጋቸዋለን። «ኬንቴሲሙስ» መቶኛ ማለት ነው። «ኬንቲኤስ» መቶ ጊዜ። «ኬንቴኒ» ደግሞ መቶ መቶ። ይህ የመጨረሻው ለአማርኛ ተናጋሪ ምንም አይከብድም። «ለልጆቹ መቶ ብር ሰጣቸው» እና «ለልጆቹ መቶ መቶ ብር ሰጣቸው» አንድ እንዳልሆኑ ማንም ያውቃል፤ በመጀመሪያው ይካፈሉታል፣ በሁለተኛው እያንዳንዳቸው ሙሉ መቶ ይዘው ይሄዳሉ። እንግሊዝኛ ይህን ለመናገር ሌላ ቃል መጨመር አለበት። እኛ ቁጥሩን ደገም እናደርገዋለን፣ ላቲን ደግሞ ለዚህ ብቻ የተሠራ ቁጥር ነበረው።

ወደ ሳንቲም እንምጣ። በምኒልክ ዘመን ብር የሚዘረዘረው በጊርሽና በመሐለቅ ነበር። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1931፣ ብር ለመቶ እኩል ክፍል ተከፈለና የእያንዳንዱ ክፍል ስም «መቶኛ» ተባለ። ቀጥተኛ የአማርኛ ስም። ከጣልያን ወረራ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1945፣ አዲሱ የኢትዮጵያ ገንዘብ ሲወጣ ግን የመቶኛን ቦታ ሳንቲም ወሰደ። ሳንቲም የፈረንሳይኛ ቃል ነው፤ የወጣውም ከዚያው ከኬንቴሲሙስ ነው፣ መቶኛ ማለት ነው። አማርኛው ወጥቶ ላቲኑ ገባ እንጂ ትርጉሙ ንቅንቅ አላለም። በነገራችን ላይ 50 ሳንቲምን ሽልንግ የምንለውም ከዚያው ጊዜ ነው። ከአዲሱ ብር በፊት አገር ውስጥ ይዘዋወር የነበረው የምሥራቅ አፍሪካ ሽልንግ ሲሆን፣ ሲለወጥ ሁለት ሽልንግ ለአንድ ብር ተባለ፤ ግማሽ ብር ሽልንግ ሆኖ ቀረ።

ሳንቲም ማካፈል ነው። ሴንቲሜትርም እንዲሁ፤ የሜትር መቶኛ። እዚህ ላይ አንድ ሕግ አለ። ፈረንሳዮች እ.ኤ.አ. በ1795 የሜትር ሥርዓትን በሕግ ሲደነግጉ ለስያሜ የሚሆኑ ቅጥያዎችን ከሁለት ቋንቋ ወሰዱ። የላቲኖቹን፣ ማለትም ዴሲ፣ ሴንቲና ሚሊን፣ ለማሳነስ መደቧቸው። የግሪኮቹን፣ ዴካ፣ ሄክቶና ኪሎን፣ ለማሳደግ። ስለዚህ በመለኪያ ላይ «ሴንቲ» ካያችሁ ሁልጊዜ በመቶ የተካፈለ ነው፤ በመቶ የተባዛ ከፈለጋችሁ ሄክቶን ፈልጉ። ሄክታርም ከዚያ ነው፤ አንድ አር 100 ካሬ ሜትር ነው፣ መቶ አር ደግሞ ሄክታር፣ 10,000 ካሬ ሜትር።

ሴንቲግሬድ ሌላ ነገር ነው። ትርጉሙ ባለመቶ ደረጃ ነው፤ ውሃ በሚረጋበትና በሚፈላበት መካከል ያለው ርቀት ለመቶ ተከፍሎ። ስዊድናዊው አንደርስ ሴልሺየስ እ.ኤ.አ. በ1742 ሲያቀርበው እንዲያውም ተገልብጦ ነበር፤ 0 የሚፈላበት፣ 100 የሚረጋበት። በኋላ ነው የተቃናው። ያም ሆኖ ያ 100 የሚሠራው በባሕር ወለል ላይ ነው። አዲስ አበባ ከፍታዋ ከ2,300 ሜትር በላይ ስለሆነ ውሃ የሚፈላው 92 ዲግሪ አካባቢ ላይ ነው፤ ሽሮም ባቄላም ብስለቱ ከቆላ ይልቅ ጊዜ የሚፈጅበት አንዱ ምክንያት ይሄ ነው።

ኩንታል ከሁሉም ረጅም መንገድ የመጣ ነው። ሮማውያን የመቶ ፓውንድ ክብደትን ከኬንቴኒ በወጣ ቃል «ኬንቴናሪዩም» ይሉት ነበር። የቁስጥንጥንያ ግሪኮች ተቀበሉት፤ «ኬንቴናሪዮን» አሉት። ከዚያ ዐረብኛ ገባና «ቂንጣር» ሆነ፤ ቁርኣን ውስጥ የብዙ ሀብት መለኪያ ሆኖ ተጠቅሷል። የሜዲትራኒያን ነጋዴዎች ቃሉን ከዐረቦች መልሰው ወስደው ኩንታል አደረጉት፤ ላቲኑ ቃል በዐረብኛ ልብስ ወደ አውሮፓ ተመለሰ ማለት ነው። የሜትር ሥርዓት ሲመጣ 100 ኪሎ ግራም ሆኖ ጸና። ስለዚህ ኩንታል፣ ከሳንቲምና ከሴንቲሜትር በተቃራኒ፣ ማባዛት ነው። የግብርና ባለሙያ «በሄክታር ሃያ ኩንታል» ሲል በአንድ ዓረፍተ ነገር ሁለት ጊዜ መቶ ብሏል፤ አንዱን በግሪክ፣ አንዱን በላቲን።

እስካሁን ያየነው መቶ ትክክለኛ መቶ ነው። ሮማውያን ግን ራሳቸው ቃሉን ሲጠቀሙበት ሁልጊዜ እንደዚያ አልነበሩም።

በሠራዊታቸው ውስጥ «ኬንቱሪያ» የሚባል ክፍል ነበር፤ ስሙ የመቶ ሰው ጭፍራ ነው የሚለው። በንጉሠ ነገሥቶቹ ዘመን ግን ኬንቱሪያ ውስጥ የነበረው 80 ወታደር ነው። በአንድ ድንኳን ስምንት ሰው ያድራል፣ አሥር ድንኳን አንድ ኬንቱሪያ ይሆናል፤ ስድስት ኬንቱሪያ ሲደመር 480 ሰው ያለው ኮሆርት የሚባል ክፍል ይመጣል። አዛዡ «ኬንቱሪዮ» ነው። በአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስ የምናውቀው የመቶ አለቃ ማለት እሱ ነው፤ በማቴዎስ ምዕራፍ 8 በቅፍርናሆም ስለታመመው ብላቴናው የለመነው፣ በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 10 በቂሣርያ የነበረው ቆርኔሌዎስ፣ በመስቀሉ ሥር ቆሞ የመሰከረው። ማቴዎስና ሉቃስ በግሪክኛው ማዕረጉን በግሪክ ቃል ተርጉመው ሲጽፉት ማርቆስ ግን የላቲኑን ቃል እንዳለ ወስዶ ነው በግሪክ ፊደል ያሰፈረው። የኛ ሠራዊትም መቶ አለቃ፣ ሃምሳ አለቃ፣ አሥር አለቃ ይላል፤ ማዕረጉን የያዘ መኮንን ሁሉ በትክክል መቶ ሰው ያዛል ማለት ግን አይደለም። ማዕረግ ከሆነ በኋላ ቁጥሩ ስም ሆኖ ይቀራል።

በምርጫ ላይ ግን ይህ ነገር ከስም ያለፈ ነበር። የሮማ ሕዝብ ከፍተኛ ሹማምንቱን የሚመርጥበት ጉባኤ በኬንቱሪያ የተከፋፈለ ነበር። 193 ኬንቱሪያዎች ነበሩ፣ እያንዳንዱ አንድ ድምፅ ነበረው። ስትሰሙት መቶ መቶ ሰው እኩል ተደልድሎ ይመስላል። አይደለም። ክፍፍሉ በሀብት ነበር። በትውፊት በሚነገረው አደረጃጀት ፈረሰኞቹ ባለጸጎች 18፣ አንደኛው የሀብት መደብ 80 ኬንቱሪያ ነበራቸው፤ ሲደመር 98፣ ከግማሽ በላይ። ምንም ንብረት የሌለው ድሃ ሁሉ ደግሞ አንድ ኬንቱሪያ ውስጥ ተጠቅጥቆ አንድ ድምፅ ብቻ ነበረው። ድምፅ መስጠት የሚጀመረው ከላይ ነው፤ ሀብታሞቹ ከተስማሙ ድሃው ተራው ሳይደርሰው ጉዳዩ ያልቃል። «መቶ» የሚለው የእኩልነት ስም ያን ያህል አድልዎ ሊሸፍን መቻሉ ሁሌም ይከነክነኛል።

ሌሎችም አሉ። «የመቶ ሰዎች ችሎት» የሚባል የውርስ ክርክር የሚያይ ፍርድ ቤት ነበራቸው፤ ዳኞቹ ከ35ቱ ነገዶች ሦስት ሦስት ሆነው ሲመረጡ 105 ነበሩ። ሴንቲፒድ የሚባለው ብዙ እግር ያለው ፍጥረት ስሙ ባለመቶ እግር ቢሆንም የእግሮቹ ጥንድ ሁልጊዜ ጎዶሎ ቁጥር ስለሆነ፣ 49 ወይም 51 ጥንድ ሊኖረው ይችላል እንጂ፣ በትክክል መቶ እግር አይኖረውም። ገጣሚዎቻቸውም መቶ አንደበት ቢኖረኝ ተናግሬ አልጨርሰውም የሚል አባባል ነበራቸው፤ እኛ «መቶ ጊዜ ነግሬሃለሁ» ስንል ማንም ቁጭ ብሎ እንደማይቆጥረው።

አሁን ወደ ገንዘቡ። ዛሬ ፐርሰንት የምንለውን ነገር ሮማውያን በኬንቴሲሙስ ነበር የሚናገሩት። አውግስጦስ ቄሣር በጨረታ በሚሸጥ ዕቃ ላይ «መቶኛ» የሚባል ቀረጥ ነበረው፤ ከመቶ አንድ፣ ለጡረተኛ ወታደሮች መደጎሚያ። የሱ ተተኪ ጢባርዮስ ቀረጡን በግማሽ ሲቀንሰው ስሙም ተለውጦ «ሁለት መቶኛ» ሆነ፤ ከሁለት መቶ አንድ ማለት ነው።

ወለድ ላይም «መቶኛ» ነበር የሚባለው። ግን እዚህ ላይ ልብ በሉ፤ የሚሰላው በወር ነው። መቶኛ ወለድ ማለት በየወሩ ከመቶ አንድ፣ በዓመት 12 ነው። ከንጉሠ ነገሥቶቹ በፊት በነበረው የሮማ ሪፐብሊክ መጨረሻ ሕጋዊው ጣሪያ ይህ ነበር።

የሆነ ታሪክ ልንገራችሁ። ሲሴሮ፣ ያ የታወቀው ተናጋሪና ጠበቃ፣ እ.ኤ.አ. ከክርስቶስ ልደት በፊት በ51 የኪልቅያ አገረ ገዥ ሆኖ ተሾመ፤ ቆጵሮስም በሱ ሥር ነበረች። ሲገባ ያወጣው አዋጅ በወር ከመቶ አንድ፣ በዓመት 12 እንጂ ከዚያ በላይ ወለድ አላስከፍልም የሚል ነበር። እዚያ የደረሰው አቤቱታ ግን ሌላ ነው። በቆጵሮስ የምትገኘው የሳላሚስ ከተማ ሰዎች ስካፕትዩስ ከሚባል ሰው ተበድረዋል፤ በውሉ ላይ የተጻፈው ወለድ በላቲን «ኳተርናይ ኬንቴሲማይ» ነው፣ በአማርኛ አራት አራት መቶኛ። «አራት አራት» የሚለው በየወሩ ማለት ነው። በዓመት 48 ፐርሰንት! ሁለቱ ወገኖች ሲሴሮ ፊት ቀርበው ተሳሰቡ። የከተማው ሰዎች በ12 አስልተው 106 ታለንት (ታለንት የዘመኑ ትልቅ የገንዘብ መለኪያ ነው) ይደርስብናል አሉ። ስካፕትዩስ ወደ 200 የሚጠጋ ታለንት ነው የጠየቀው። ከዚያ በፊት በነበረው አገረ ገዥ ዘመን ይኸው ሰው ፈረሰኛ ጦር ተሰጥቶት የከተማዋን ሸንጎ አባላት በአዳራሻቸው ውስጥ ዘግቶባቸው ነበር፤ አምስቱ በረሃብ ሞተዋል። ሲሴሮ ፈረሰኞቹን አስወጣ። ቆየት ብሎም የገንዘቡ እውነተኛ ባለቤት ስካፕትዩስ እንዳልሆነ ተረዳ። ባለገንዘቡ ብሩተስ ነበር፤ በኋላ ዩልዮስ ቄሣርን ከገደሉት አንዱ የሆነው፣ በምግባሩ የሚወደሰው ያ ብሩተስ። ሲሴሮ 48ቱን አልፈቀደም፤ ጉዳዩን ግን ሳይቋጨው የሥልጣን ዘመኑ አለቀና ሄደ።

ይህን ያነሳሁት ለታሪኩ ብቻ አይደለም። አራጣ አበዳሪ ዛሬም «አሥር ፐርሰንት ናት» ብሎ ነው የሚያባብለው፤ በወር መሆኑን በጓዳ ይተዋል። ፐርሰንት የሚለው ቃል ውስጥ ጊዜ የለም። ከመቶ ስንት ይላል እንጂ በስንት ጊዜ አይልም። በወር አንድ ፐርሰንት ወለድ ወለድን እየወለደ ከሄደ በዓመት 12 ሳይሆን 12.7 ገደማ ይደርሳል፤ በወር አራት ደግሞ 60። በወር አሥር ከሆነማ ዓመት ሲሞላ ዕዳው ከተበደራችሁት ገንዘብ ሦስት እጥፍ ያልፋል። ስለዚህ ስትፈርሙ በወር ነው በዓመት፣ ወለዱስ ወለድ ይወልዳል አይወልድም ብላችሁ ጠይቁ።

ምልክቱን (%) ብዙ ሰው ሁለቱ ክቦች የመቶ ሁለት ዜሮዎች ይመስሉታል። አመጣጡ ሌላ ነው። የጣልያን ነጋዴዎች በሂሳብ መዝገባቸው «ፔር ቼንቶ»፣ ማለትም ከመቶ፣ እያሉ መጻፍ ሲሰለቻቸው ማሳጠር ጀመሩ። በ15ኛው ክፍለ ዘመን «ፔ» እና «ቼ» ብቻ ቀርተው ላይዋ ላይ ትንሽ ክብ ተቀመጠች፤ ክቧ «ቼንቶ» ከሚለው ቃል የመጨረሻ ፊደል የመጣች ናት። ቀስ በቀስ «ቼ»ዋም ክብ ሆነች፣ በመካከላቸው ሰረዝ ገባ፣ «ፔር» የሚለውም ወደቀ። ምልክቱ እንግዲህ የተጣደፈ የነጋዴ እጅ ጽሑፍ ነው።

ፐርሰንት ላይ ሰው በብዛት የሚሳሳትበት ቦታ አለ። ጥቅምት 2010 ዓ.ም. ብሔራዊ ባንክ የቁጠባ ወለድ ዝቅተኛውን መጠን ከ5 ወደ 7 ፐርሰንት ከፍ አደረገ። በስንት ጨመረ? «በሁለት ፐርሰንት» የሚል መልስ ትሰማላችሁ። ልክ አይደለም። 10,000 ብር ያስቀመጠ ሰው በዓመት 500 ያገኝ የነበረው 700 ሆነለት፤ 200 ብር ደግሞ የ500 ብር 40 ፐርሰንት ነው። ወለዱ በ40 ፐርሰንት አድጓል። ከ5 እስከ 7 ያለው ርቀት «ሁለት የመቶኛ ነጥብ» ነው የሚባለው። ሁለቱም አነጋገር እውነት ነው፣ ግን አንድ ነገር አይደሉም፤ ዜና የሚያነብም የሚጽፍም ሰው ሊለያቸው ይገባል። መንግሥት ታክስ ሲጨምር በነጥብ ተናግሮ ትንሽ ሊያስመስለው ይችላል፤ ተቃዋሚ በፐርሰንት ተናግሮ ሊያገዝፈው ይችላል።

ሌላው «ከምኑ መቶ?» የሚለው ጥያቄ ነው። ባለሱቁ 1,000 ብር የነበረውን ጫማ 20 ፐርሰንት ጨምሮበት 1,200 አደረገው እንበል። ለበዓል ደግሞ 20 ፐርሰንት ቅናሽ ለጠፈ። ወደ 1,000 የተመለሰ ይመስላል፤ የሚሸጠው ግን 960 ነው። ሲጨምር መቶው የተቆረጠው ከ1,000 ነው፣ ሲቀንስ ከ1,200። ቁጥሩ አንድ ሆኖ መሠረቱ ተለውጧል። ደመወዝ ላይም እንዲሁ ነው። በ20 ፐርሰንት የተቀነሰበት ሰው ቀድሞ ወደነበረበት የሚመለሰው በ20 ሳይሆን በ25 ፐርሰንት ጭማሪ ነው።

ቫትም ከዚህ አያልፍም። 15 ፐርሰንቱ የሚሰላው ከዕቃው ዋጋ ላይ ነው እንጂ ከምትከፍሉት ጠቅላላ ብር ላይ አይደለም። ደረሰኛችሁ ቫትን ጨምሮ 1,150 ብር የሚል ከሆነ የ1,150ን 15 ፐርሰንት አውጥታችሁ 172 ብር ከ50 ሳንቲም ቫት ከፈልኩ አትበሉ። 1,150ን ለ1.15 አካፍሉት። ዕቃው 1,000፣ ቫቱ 150 ነው።